ሜዳልያና አባልነት፤ የሄርታ ኤርተን ታሪክ

የሊቃውንት ማኅበር ክብር ሲሰጥ የሚመዝነው ሥራውን ነው ወይስ የሠሪውን ማንነት? ለዚህ ጥያቄ የእንግሊዛዊቱ የፊዚክስ ሊቅ የወይዘሮ ሄርታ ኤርተን ታሪክ ምስክር ይሆናል።

በዘመናቸው፣ በሁለት የከሰል ዘንጎች መካከል በሚያልፍ ኤሌክትሪክ የሚበራው መብራት እያፏጨ ያስቸግር ነበር። ፉጨቱ የሚመጣው ኦክሲጅን የጋለውን ከሰል ሲነካ መሆኑን ወይዘሮ ኤርተን በሙከራ አስረዱ። በ1899 (እ.ኤ.አ.) የኤሌክትሪክ መሐንዲሶች ማኅበር በአባልነት ተቀበላቸው። በ1902 ግን ለሮያል ሶሳይቲ ቢታጩ፣ ያገባች ሴት ለመመረጥ በሕግ መብት የላትም ተብሎ ቀረ። ይኸው ማኅበር በ1906 የሂዩዝ ሜዳልያን ሸለማቸው። በ1923 ሲያርፉ አባል አልነበሩም፤ ማኅበሩ ሴቶችን በአባልነት የመረጠው በ1945 ነው።

ስለሆነም የአባላትን መዝገብ ለጥናት የምንመረምር ተማሪዎች፣ መዝገቡ ከሊቃውንቱ ችሎታ ጋር የዘመኑን ሕግም እንደሚያሳይ ልናስተውል ይገባናል።