የደመወዝ ወለል ለምን ያስፈልጋል?

ጠዋት ጠዋት በብስራተ ገብርኤል በኩል ወደ ትምህርታችን ስንመጣ፣ አካፋና ዶማ ይዘው የቀን ሥራ የሚጠባበቁ ወንድሞችና እኅቶች እናያለን። አሠሪው መጥቶ ዋጋ ሲጠራ አንዱ «ያንሳል» ካለ፣ ሌላው «እኔ አለሁ!» ብሎ ይነሣል። ረሃብ የሚያጫርተው ዋጋ ማረፊያ የለውም። ለመሆኑ ሕጉ ምን ይላል?

የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 አንቀጽ 55 ላይ የደመወዝ ቦርድ ይጠቅሳል። ቦርዱ የመንግሥት፣ የሠራተኞችና የሌሎች ባለድርሻዎች ተወካዮች ያሉበት ሆኖ፣ በጥናት እየተመራ ዝቅተኛውን ደመወዝ በየጊዜው እንዲያሻሽል ነው የታሰበው። ይሁን እንጂ አዋጁ ራሱ «ይህን ያህል ብር» ብሎ አልቆረጠም። የኢትዮጵያ ሠራተኛ ማኅበራት ኮንፌዴሬሽን (ኢሠማኮ) ወለሉ እንዲቆረጥ ሲጠይቅ የቆየውም ለዚህ ነው።

ተቃዋሚዎች «ደመወዝ በሕግ ከፍ ካለ ፋብሪካው ሰው ይቀንሳል፤ ባለሀብቱም ይሸሻል» ይላሉ። ነገሩ እንዲያው የሚናቅ አይደለም፤ ወለሉ ከምርቱ አቅም በላይ ከሆነ ሥራ ሊያሳጣ ይችላል። ግን ርካሽ ጉልበትም የራሱ ኪሳራ አለው። በ2011 ዓ.ም. የኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ ስተርን ማዕከል ያወጣው ጥናት፣ የአገራችን የልብስ ፋብሪካ ሠራተኛ መነሻ ደመወዝ በወር 26 ዶላር ገደማ እንደነበረ ገልጿል። ያው ጥናት ሠራተኞቹ ቶሎ ቶሎ እየለቀቁ መሄዳቸውንም አሳይቷል። አሠልጥኖ ማጣት ትርፍ ነው እንዴ?

ወለሉ አንዴ ተቆርጦ የሚተውም አይደለም። መንግሥት ለራሱ ሠራተኞች ዝቅተኛውን ደመወዝ በ2017 ዓ.ም. 4,760 ብር አድርጎ፣ በ2018 ዓ.ም. ወደ 6,000 ብር ከፍ አድርጎታል። ገበያው ሲንር ወለሉም አብሮ ካልተነሣ ወረቀት ላይ ይቀራል።

«ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንዲሉ፣ ማኅበር ያለው ሠራተኛ ይደራደራል። ማኅበር የሌለውስ? በማታ ትምህርት የምናገኛቸው እኅቶች ብዙዎቹ የቤት ሠራተኞች ናቸው። አዋጁ የእነሱን ጉዳይ ለሌላ ደንብ ትቶታል። ስለዚህ ክርክሩ «ወለሉ ስንት ይሁን?» ብቻ ሳይሆን «ማንን ያካትት?» መሆን አለበት እንላለን።

እኛስ ምን እናድርግ? ነገ ክፍል ስንገባ ሒሳብ ስናስተምር የቀን ሒሳብን፣ ቋንቋ ስናስተምር የሥራ ውልን ምሳሌ እናድርግ። ፈርሞ የሚገባበትን ውል አንብቦ የሚረዳ ሰው በቀላሉ አይታለልም። እናንተስ ምን ትላላችሁ? አስተያየታችሁን ጽፋችሁ እዚሁ ሰሌዳ ላይ ለጥፉልን!