ከፎገራ ባዛልት በታች ያለውን ደለል ያበሰለው ሙቀት፦ የቪትሪናይት ምስክርነትና ወሰኑ

ከወረታ እስከ ጣና ዳርቻ የተዘረጋው የፎገራ ሜዳ፣ የርብና የጉማራ ወንዞች በባዛልት ላይ ያነጠፉት ደለል ነው። ከባዛልቱ ሥር ነዳጅ ይኖር ይሆን የሚለው ጥያቄ መሠረት አልባ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2006 የታተመ የማግኔቶቴሉሪክ ጥናት፣ ከጣና ደቡብና ምሥራቅ በሚገኙ 27 ጣቢያዎች በተሰበሰበ መረጃ፣ ከእሳተ ገሞራው አለት በታች በአማካይ ከ1.5 እስከ 2 ኪሎ ሜትር ውፍረት ያለው የሜሶዞይክ ደለላዊ አለት መኖሩን አመልክቷል። በወሎ ወረኢሉ ደግሞ ዘይት ከምድር ሲፈስ ታይቷል። ይሁን እንጂ ደለል መኖሩ ብቻውን ነዳጅ አለ አያሰኝም፤ በውስጡ ያለው ኦርጋኒክ ቁስ ምን ያህል እንደበሰለ መታወቅ አለበት።

ቪትሪናይት የሚፈለገው እዚህ ላይ ነው። ከዛፍ ግንድ፣ ሥርና ቅርፊት የሚመነጭ የድንጋይ ከሰል አካል ሲሆን፣ በደለላዊ አለቶች ውስጥም በጥቃቅን ቅንጣት መልክ ይገኛል። ሙቀት በጨመረ ቁጥር የካርቦን መዋቅሩ እየተስተካከለ ስለሚሄድ የሚያንጸባርቀው ብርሃን ይጨምራል። የተጋገረ እንጀራ ወደ ሊጥ እንደማይመለስ ሁሉ ይህም ለውጥ አይቀለበስም፤ አለቱ ቢቀዘቅዝም የደረሰበት ከፍተኛ ሙቀት ተመዝግቦ ይቀራል። መጠኑ የሚለካው በተወለወለ ናሙና ላይ በማይክሮስኮፕ ነው። በግርድፉ ከ0.6 በመቶ በታች ያልበሰለ፣ ከ0.6 እስከ 1.3 በመቶ ዘይት የሚመነጭበት፣ ከዚያ በላይ ደግሞ የጋዝ ደረጃ ነው።

በአካባቢያችን በቅርብ የሚገኘው ከሰል የጭልጋው ነው። ዕድሜው 27 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ነው፤ እንደ አርሲኖይቴሪየም ያሉ የጠፉ እንስሳት ቅሪትም የተገኘው በዚሁ የደለል ክምችት ነው። ከሰሉ ሊግናይት በመሆኑ ነጸብራቁ ዝቅተኛ ነው፤ በዚህ ደረጃ ያለውን አካል ሂዩሚናይት ማለት ይበልጥ ትክክል ነው። ከዚህ ተነስቶ «የጣና ተፋሰስ አልበሰለም» ብሎ መደምደም ግን ስሕተት ነው። የጭልጋ ከሰል የተከማቸው 30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ዕድሜ ካለው ግዙፍ ባዛልት በላይ ነው። ስለዚህ በባዛልቱ ሥር ተቀብሮ ስለቆየው ሜሶዞይክ የሚናገረው ነገር የለም።

ሁለተኛው ስሕተት በተቃራኒው አቅጣጫ የሚመጣ ሲሆን፣ በዚህ ጽሑፍ አቅራቢ እምነት ይበልጥ አሳሳች ነው። ባዛልቱን ወደ ላይ ያወጡት ዳይኮች ደለሉን ሰንጥቀው አልፈዋል። ከዳይክ አጠገብ የተወሰደ ናሙና ነጸብራቁ እጅግ ከፍ ሊል ይችላል፤ የሚያሳየው ግን የተፋሰሱን ሳይሆን የዳይኩን ሙቀት ነው። ተጽዕኖው በተለምዶ ከዳይኩ ውፍረት አንድ ወይም ሁለት እጥፍ ርቀት ብዙም አያልፍም። ስለሆነም ከአንድ ናሙና የተገኘ ቁጥር፣ ዝቅም ይበል ከፍ፣ የቁፋሮ ገንዘብ ሊያስወጣ አይገባም። ከጥልቀት ጋር ቀስ በቀስ የሚጨምር ልኬት መቀበርን ያመለክታል፤ በድንገት ዘልሎ ተመልሶ የሚወርድ ከሆነ ግን በአቅራቢያው ዳይክ መፈለግ ይገባል።

በባሕር የተከማቸው የኖራ ድንጋይ እንጨታማ ቅሪት እምብዛም ስለሌለው፣ በእርሱ ላይ ቪትሪናይትን ብቻ መመርኮዝ አይቻልም፤ የሮክ ኢቫል ሙከራ አብሮ መሠራት አለበት።