ልጆችን እንደ ዕድሜያቸው ስለ ማስተማር

በቤተ ክርስቲያን ተማሪ ቤት የኔታ ለሕፃኑ አስቀድመው ፊደል ያስቆጥሩታል፤ ከዚያም መልእክተ ዮሐንስን፣ ወንጌሉን፣ ዳዊቱን በየተራው ያሻግሩታል እንጂ ገና ግዕዝ ካዕብ ሲል ቅኔ ቁጠር አይሉትም። ስለ ሰውነት ጤና የሚሰጠውም ትምህርት ሥርዓቱ ይኸው ሊሆን ይገባዋል። የሰባት ዓመት ልጅ ገላው የራሱ መሆኑን፣ ዘመድም ቢሆን በሥውር ሊነካው እንደማይገባ ቢያውቅ ይበቃዋል። ሴት ልጅ ግን ዘጠኝ ዐሥር ዓመት ሲሞላት ስለ ወር አበባ ሊነገራት ያስፈልጋል፤ ሳይነገራት የቀረ እንደ ሆነ ደሙን ባየች ቀን የታመመች መስሏት ትደነግጣለች፤ ከትምህርቷም ትቀራለች። የጤና ሚኒስቴር የማኅፀን በር ካንሰርን የሚከላከለውን ክትባት በ2011 ዓ.ም. ለ14 ዓመት ልጃገረዶች መስጠት ጀመረ፤ በ2017 ዓ.ም. ደግሞ ከ9 እስከ 14 ዓመት ላሉት አንድ ጊዜ ብቻ እንዲሰጥ አደረገ። ክትባቱ ይልቁን የሚጠቅመው በሽታ አምጪው ሳይደርስባቸው የቀደመ እንደ ሆነ ነውና። ትምህርቱም እንዲሁ ነው።

እንዲህ ያለውን ለልጅ መንገር ያልነቃውን ማንቃት ነው የሚሉ አባቶች አሉ። ያለ ጊዜው የተነገረ ነገር ይጎዳልና ፍርሃታቸው ከንቱ አይደለም። ነገር ግን አባት ዝም ቢል ስልኩ ዝም አይልም። ፌስቡክና ቲክቶክ 13 ዓመት ያልሞላውን አንቀበልም ይላሉ፤ ልጁ ዕድሜውን ከፍ አድርጎ የጻፈ እንደ ሆነ ግን ብዙ ጊዜ ይገባል፤ የክርስትና ምስክር ወረቀት አምጣ የሚለው የለም።

ከሁሉ የሚከፋው በፎቶግራፍ ማስፈራራት ነው። አታላዩ እኩያ መስሎ ይቀርባል፤ ይወዳጃል፤ ቀስ በቀስም ልጁን የራቁት ፎቶግራፍ ያስልከዋል። ፎቶግራፉ በእጁ ከገባ በኋላ ገንዘብ ላክ፣ ያለዚያ ለዘመዶችህ እበትነዋለሁ ይለዋል። ልጁም አታላዩን የሚፈራውን ያህል አባቱን ይፈራልና ይከፍላል፤ የከፈለም እንደ ሆነ ደግሞ ይጠየቃል። በአሜሪካና በሌሎችም አገሮች በዚህ ምክንያት ሕይወታቸውን ያጠፉ ልጆች አሉ።

እንዲህ ያለው ነገር ወደ ቤት የገባ እንደ ሆነ ወላጅ ልጁን ከመምታት፣ ስልኩንም ከመስበር ይከልከል፤ ስልኩ ሲሰበር ማስረጃው አብሮ ይጠፋል። ገንዘብ አይላክ፤ የተጻጻፉት ቃልና የአታላዩ ስም ሳይደመሰስ ለፖሊስ ይቅረብ። አካለ መጠን ያላደረሰን ልጅ በእንዲህ ያለ መልእክት ለዝሙት ሥራ የሚያባብል ሰው በኮምፒዩተር ወንጀል ዐዋጅ ቁጥር 958/2008 ይቀጣል።

ብዙ ልጅ ግን ይህን ለአባቱ ሊናገር አይደፍርም፤ ምናልባት የሚደፍረው ለአስተማሪው ወይም ለንስሐ አባቱ ነው። ካህኑ ቀኖና ብቻ ሰጥቶ ያሰናበተው እንደ ሆነ ልጁ በዚያው ሌሊት ከአታላዩ ጋር ብቻውን ያድራል። የንስሐ ምሥጢር የተጠበቀ ነው፤ ሆኖም ካህኑ ልጁን አስፈቅዶ፣ እጁን ይዞ ወደ አባቱ ቤት ቢሄድና ልጁ ሲናገር አጠገቡ ቢቀመጥ ምሥጢር አወጣ አይባልም።