የአጥርና የዶሮ ጠብ

«ዶሮ ጭራ ጭራ ታወጣለች ካራ» የሚለው ተረት የሚነገረው በገዛ እጁ ጥፋቱን ለሚጠራ ሰው ነው። በየመንደሩ ግን ዶሮ ጭራ የምታወጣው ሌላ ካራ አለ፤ ይኸውም የጎረቤት ጠብ ነው። የእንጨት አጥር ከሥሩ ተጭሮ ሲዘም፥ በቀዳዳውም የሾለከችው ዶሮ የሰው ጎመን ስትለቅም፥ ባለጎመኑ «እመት፥ ዶሮዎን ወይ ይሽጧት ወይ ያሳርዷት!» ይላል። ባለዶሮዋ በበኩሏ የልጆቿን ደብተርና እርሳስ የምትገዛው ከእንቁላሉ ነውና፥ «እርስዎስ አጥርዎን ቢያጠብቁ ምን ነበረበት?» ስትል ትመልሳለች። እንግዲህ እውነቱ ከማን ዘንድ ነው?

ከፍርድ በፊት ምርመራ ይቀድማል። የባሕር ዛፍ ቋሚ ቶሎ የሚበሰብሰው ከጫፉ አይደለም፤ አፈሩን ተሰናብቶ ብቅ በሚልበት፥ እርጥበትና አየር በሚገናኙበት ስፍራ ነው። ዶሮዋም የምትጭረው በዚሁ ደካማ ቦታ ነው። በአንድ ወገን አፈሩን ስታወጣ ቋሚው ይላላል፤ በሌላው ወገን እርጥቡን አፈርና ኩሱን በታችኛው ማገር ላይ ስትከምረው እንጨቱ ሳይደርቅ ይከርምና ይበሰብሳል።

ነገር ግን ዶሮ አጥር የምትጭረው በክፋት አይደለም። በክረምት ትልና ነፍሳት ከአጥር ሥር ስለሚጠለሉ ምግቧን ፍለጋ ትመጣለች። በበጋም በደረቅ አፈር ተንከባልላ ቅማሏን ታራግፋለች። እንዲያውም በአንድ ቋሚ ሥር ደጋግማ ከጫረች፥ ምስጥ አግኝታ ሊሆን ስለሚችል ባለቤቱ ጎንበስ ብሎ እንጨቱን ቢመለከት መልካም ነው።

ምክንያቱ ከታወቀ መድኃኒቱ ሩቅ አይደለም። አንደኛ፥ ከአጥሩ ሥር 40 ሳንቲ ሜትር በሚሆን ስፋት ዶሮ ልታንከባልለው የማትችለውን ድንጋይ መደርደር ነው፤ አቅም ያለው በወንፊት ሽቦ ሊተካው ይችላል። ሁለተኛ፥ ቅጠልና ጥራጊን ከአጥር ሥር እየጠረጉ፥ ጥሬውን ከአጥሩ ርቆ መበተን ነው። ሦስተኛ፥ ዝናብ በማያገኘው ጥግ ደረቅ አፈርና አመድ የተቀላቀለበት ጉድጓድ ማዘጋጀት ነው፤ ዶሮዋ የራሷን መታጠቢያ ካገኘች የሰው አጥር ምን ያደርግላታል? አራተኛ፥ ዶሮ ከፍ ካለ ስፍራ ማደር ስለምትወድ፥ አጥሩን ማደሪያ እንዳታደርገው በቤቷ ውስጥ ቆጥ መሥራት ነው። አጥር ዘልላ የምታስቸግረውንም የአንድ ክንፏን ረዣዥም ላባዎች ቢቆርጡላት ሚዛኗ ስለሚዛባ መብረር ይቸግራታል። ደም ያለበትን ታዳጊ ላባ ግን መንካት አይገባም። አሮጌውን ላባ ስትለውጥም ሥራው ይደገማል።

አዲስ አጥር የሚያጥር ሰው ደግሞ የእንጨቱን ልጥ ልጦ፥ በደንብ አድርቆ፥ ከቁመቱ ሩብ ያህሉን ቀብሮ አፈሩን ቢጠቀጥቅ፥ ዶሮ በጫረች ቁጥር አይዘምበትም።

ከዚህ ሁሉ የሚበዛው ወጪ ሳይሆን ግማሽ ቀን ጉልበት ነው። ስለዚህ በሁለቱ ጎረቤቶች መካከል ሽማግሌ ሆኖ የተጠራ ወጣት፥ ዶሮዋ እንድትታረድ ከመፍረዱ በፊት ሁለቱንም ድንጋይ ቢያስለቅም የተሻለ ፍርድ ነው። አንደኛው ጎመኑን፥ ሌላዋም የእንቁላል ገንዘቧን ይዘው ይቀራሉና። አጥር የተሠራው ግቢን ከግቢ ለመለየት እንጂ ጎረቤትን ከጎረቤት ለማቆራረጥ አይደለም።