ካሳው ከደረጃው በላይ ነው

ሐርቡ ከኮምቦልቻ ወደ ከሚሴ በሚወስደው ዋና መንገድ ላይ ነች። እዚህ መኪና ገጭቶት እግሩን ያጣ ሰው ካሳ መጠየቅ ይችላል፤ በፍትሐ ብሔር ሕጋችን ቁጥር 2081 የመኪናው ባለቤት ጥፋት ባይኖርበትም ይጠየቃል። ችግሩ ጊዜውና ወጪው ነው። በቁጥር 2143 ክሱ በመሠረቱ በ2 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ሆስፒታል ተኝቶም ቀኑ ይቆጠራል። ከዚያ በየቀጠሮው የባጃጅ ሂሳብ፣ ደጋፊ ሰው፣ ደረጃ። ይሄ ሁሉ የከበደው ሰው በሽምግልና በቀረበለት ትንሽ ብር ቢስማማ ምን ይገርማል?

የ2001ዱ የሕንፃ አዋጅ የሕዝብ ሕንፃ ለዊልቸር የሚመች መግቢያ ይኑረው ብሏል። ስለዚህ ዘመድ ጎረቤት ከተጎዳ የአደጋውን ቀን ስልካችሁ ላይ መዝግቡ፤ የዳኝነት መክፈያ ከሌለው በደሃ ደንብ መክሰስ እንደሚችል ንገሩት። የደረጃውን ነገር ግን ፍርድ ቤቱ ራሱ ይጠየቅበት።