ካሜራውን በደረቱ ላይ ያሰረው ሰው

ቤተሰብ ማታ በቴሌቪዥን ፊት ተሰብስቦ ሲስቅ ተዋናዩ ይመሰገናል፤ ደራሲውም አልፎ አልፎ ይታወሳል። ሥዕሉን ያነሣው ሰው ግን ከካሜራው በስተኋላ ነውና ማንም አያየውም። ካርል ፍሮይንድ እንዲህ ካሉት ሰዎች አንዱ ነበረ።

ፍሮይንድ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር በ1890 በቦሄሚያ ተወልዶ፥ ገና በወጣትነቱ በበርሊን የሲኒማ ሥራ ጀመረ። በ1924 ሙርናው የተባለው ዲሬክተር «የመጨረሻው ሰው» የተሰኘውን ፊልም ሠራ። ታሪኩ በደንብ ልብሱ የሚኮራ የአንድ ታላቅ ሆቴል በር ጠባቂ፥ ስላረጀ ብቻ ልብሱን ተገፍፎ ወደ መጸዳጃ ቤት አገልጋይነት መውረዱን ያሳያል። ፊልሙ ድምፅ የለውም፤ በየመካከሉ የሚነበብ ጽሑፍም ከሞላ ጎደል የለውም። እንግዲህ የሽማግሌውን ኀፍረት ማን ይናገርለት? ፍሮይንድ ካሜራውን ከማቆሚያው አንሥቶ በደረቱ ላይ አሰረና፥ ሽማግሌው ሰክሮ የሚያየውን ለማሳየት ራሱ እየተንገዳገደ ሄደ። ወፍራም ሰው ነበርና አጠገቡ ለቆመ ሳያስቅ አልቀረም፤ ተመልካቹ ግን ዓለምን በተዋረደው ሰው ዐይን አየ።

በ1929 ወደ አሜሪካ ተሻገረ። በ1931 «ድራኩላ»ን በጥቁር ጥላ አስፈሪ አድርጎ አነሣ፤ ስለ ቻይና ገበሬዎች በሚተርከው «መልካሚቱ ምድር» በተባለው ፊልምም የኦስካር ሽልማት አገኘ።

በ1951 ሉሲል ቦልና ባለቤቷ ዴዚ አርናዝ «ሉሲን እወዳታለሁ» ለተባለው የቴሌቪዥን ጨዋታ ጠሩት። ዕድሜው 61 ነበር። የሲኒማ ባለሙያዎች በዚያን ጊዜ ቴሌቪዥንን ይንቁት ነበር፤ ሥራውም ከባድ ነበር። ሦስት ካሜራዎች ባንድ ጊዜ፥ ተመልካች በተቀመጠበት አዳራሽ፥ በፊልም እንዲያነሡ ተፈለገ። ለአንዱ ካሜራ የተስማማው መብራት በሌላው ላይ ጥላ ይጥላል፤ በወለል ላይ የቆመ መብራትም የካሜራዎቹን መንገድ ይዘጋል። ስለዚህ ፍሮይንድ አብዛኞቹን መብራቶች ከላይ ሰቅሎ፥ ብርሃኑ በቤቱ ኹሉ እኩል እንዲዳረስ አደረገ።

በጥላ ስሙን ላተረፈ ሰው ጥላን መተው ቀላል ነገር አይመስለኝም። ብርሃኑ ሜዳ ኾነ የሚሉ አልጠፉም፤ እኔ ግን በዚህ አልፈርድበትም፤ ሳቅ ከፊት ይነበባልና ፊቱ መታየት ነበረበት።

ያን ጊዜ አብዛኛው የቴሌቪዥን ጨዋታ በቀጥታ ይተላለፍ ነበርና ለሩቅ ከተማ የሚደርሰው ከመስተዋቱ ላይ የተቀዳ ደብዛዛ ቅጂ ነበረ። ይህ ግን በፊልም ስለ ተነሣ ጥራቱን ጠብቆ ቆየ። ፍሮይንድ በ1969 ዐረፈ፤ በዚያ አዳራሽ የተሣቀው ሳቅ ከርሱ ሞት በኋላ በተወለዱ ልጆች ቤት እስከ ዛሬ ይታያል።