ዋስትና ምሕረት አይደለም
(በሬዲዮ የተነገረ)



በወንጀል የተጠረጠረ ሰው በዋስ ተለቆ በሠፈሩ ሲታይ «ነፃ ወጣ» የሚል አይጠፋም፤ ዋስትና ሲከለከልም «ተፈረደበት» የሚል አለ። ሁለቱም ስሕተት ነው። ዋስትና ምሕረት አይደለም፤ ዋስትና መከልከልም ፍርድ አይደለም። ዋስትና ማለት ተጠርጣሪው በቀጠሮው ቀን ከችሎት ፊት ለመቆሙ የሚሰጥ መተማመኛ ነው።

አሳቡ ለአገራችን እንግዳ አይደለም። በቀድሞ ዘመን ከሳሽና ተከሳሽ በልብሳቸው ጫፍ ወይም በሰንሰለት ተቆራኝተው ወደ ዳኛ ይሄዱ ነበር። የሚታመን ዋስ የጠራ ሰው ግን ቤቱ እያደረ ይሟገት ነበር። በኋላም ነገሩ በጽሑፍ ሕግ ተወሰነ። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት የተያዘ ሰው በ48 ሰዓት ውስጥ ከዳኛ ፊት እንዲቀርብ አዘዘ። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥትም ይህንኑ ጠብቆ፣ ወደ ፍርድ ቤት ለመድረስ በአግባቡ የሚያስፈልገው የመንገድ ጊዜ ብቻ እንዳይቈጠር አድርጓል፤ የዋስ መብትንም በግልጽ አስፍሯል።

ታዲያ ዳኛው ሲፈቅድም ሆነ ሲከለክል በምን ይመራል? በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ መንገዱን አሳይቷል። ወንጀሉ በሞት ወይም በ15 ዓመትና ከዚያ በላይ በሆነ ጽኑ እስራት የሚያስቀጣ ሲሆን፣ በዚያውም ላይ ተበዳዩ የሚሞት የሚመስል ሲሆን፣ ዋስትና እንዳይፈቀድ ደነገገ። ከዚህ በታች በሆነው ነገር ዳኛው ሦስት ጥያቄ ይመረምራል። ይህ ሰው ቢለቀቅ የዋስትናውን ግዴታ ያከብራልን? ሌላ ወንጀል ይፈጽም ይሆን? ምስክር ያባብል ወይም ማስረጃ ያጠፋ ይሆን? የዋስትናውም ገንዘብ ሲወሰን የወንጀሉ ክብደት ብቻ ሳይሆን የሰውዬውና የዋሱ አቅም ጭምር ይመዘናል። ለባለ ሀብት ቀላል የሆነው ገንዘብ ለቀን ሠራተኛ የማይከፈት በር ነውና።

ዋስትና ከተከለከለ በኋላ ትልቁ ጉዳይ ጊዜ ነው። ፖሊስ ምርመራውን ካልጨረሰ ተጨማሪ ቀን ይጠይቃል። ያው ሕግ በአንድ ጊዜ የሚፈቀደው ቀጠሮ ከ14 ቀን እንዳይበልጥ ወሰነ፤ ቀጠሮው ስንት ጊዜ ሊደጋገም እንደሚችል ግን ቍጥር አላኖረለትም። ስለዚህ 14 ቀን በ14 ቀን ላይ ሲደራረብ ወራት ይሆናል። ክሱ ከተመሠረተም በኋላ ምስክር ቀረ፣ መዝገብ አልደረሰም፣ ዐቃቤ ሕግ ወይም ጠበቃ አልተገኘም እየተባለ ነገሩ ይራዘማል።

በዚህ መካከል የሚጎዳው ማን ነው? አስቀድሞ ታሳሪው ነው። ሳይፈረድበት ከሥራው ይወጣል፤ ልጆቹ ይራባሉ፤ በመጨረሻ ነፃ ቢባል ያለፈውን ጊዜ የሚመልስለት የለም። ተበዳዩም ይጎዳል፤ ምስክሩ ወይ ይረሳል፣ ወይ አገር ይለቃል፣ ወይ ይሞታል፤ እውነቱም አብሮ ይቀበራል። የፍርድ መዘግየት የሚጠቅመው በእርግጥ በድሎ መሸሸግ ለሚፈልግ ብቻ ነው።

እንግዲህ ዳኛው ለተጨማሪ ቀን «ለምን?» ብሎ ሊጠይቅ፣ መርማሪውም ባለፈው ቀጠሮ ምን እንደ ሠራ ሊያስረዳ ይገባዋል። ነገር ግን ሸክሙ የመንግሥት ብቻ አይደለም። ምስክር ሆነህ ስትጠራ «ሥራ አለብኝ» ብለህ ብትቀር በአንተ መቅረት አንድ ሰው ሌላ ወር በእስር ሊያድር እንደሚችል አስብ። ለዘመድህ ዋስ ስትሆን የምትፈርመው ለይሉኝታ አይደለም፤ ሰውዬው ቢጠፋ ገንዘቡን የምትከፍለው አንተ ነህ። በዋስ የተለቀቅህም እንደ ሆነ ቀጠሮህን አክብር፤ አንድ ሰው በጠፋ ቍጥር ዳኛው ከኋላው የሚመጣውን ለማመን ይቸገራልና።

አባቶቻችን «በሕግ አምላክ» ሲባል ወራጅ ውኃ ይቆማል ይሉ ነበር። ውኃው በሕግ ስም መቆሙ መልካም ነው፤ ፍርዱ ግን ቆሞ መቅረት የለበትም።